ፊቱን የምናውቀው ተዋናይ ለምን ካሸር ሆኖ ይሠራል?

ነገሩ የሆነው በኦገስት 2018 መጨረሻ ላይ ነው። (እዚህ የምጠቅሳቸው ዓመቶች ሁሉ በፈረንጆቹ አቆጣጠር ናቸው።) ኒው ጀርሲ ውስጥ ክሊፍተን በምትባል ከተማ ትሬደር ጆስ የሚባል ሱፐርማርኬት አለ። እዚያ አንድ ካሸር የደንበኞችን ዕቃ ይመዝናል፣ ሒሳብ ይቀበላል፣ ከረጢት ውስጥ ይከታል። አንዲት ደንበኛ ፊቱ አዲስ አልሆነባትም። ስልኳን አውጥታ ፎቶ አነሳችው። ፎቶው መጀመሪያ የእንግሊዙ ዴይሊ ሜይል ላይ ወጣ፤ ፎክስ ኒውስም ተቀብሎ አስተጋባው። ሰውየው የ57 ዓመቱ ተዋናይ ጄፍሪ ኦዌንስ ነበር።

ኦዌንስን በስሙ የሚያውቀው ሰው ብዙ ላይሆን ይችላል። በፊቱ ግን አሜሪካኖች ያውቁታል። ከ1985 እስከ 1992 «ዘ ኮዝቢ ሾው» ላይ ኤልቪን ቲቢዶ ሆኖ ተውኗል። ድራማው የሚተርክለት የሐክስቴብል ቤተሰብ የመጀመሪያ ልጅ የሶንድራ ፍቅረኛ፣ በኋላም ባሏ ማለት ነው። ድራማው በዘመኑ አቻ አልነበረውም። ከ1985 እስከ 1990 በነበሩት አምስት ተከታታይ ሲዝኖች በአሜሪካ ቴሌቪዥን በተመልካች ብዛት ከአንደኝነት አልወረደም።

ዜናው የተጻፈበት መንገድ ያሳፍራል። ቲሸርቱ ላይ ያለው እድፍ ሳይቀር ተጠቀሰ። «ያ ሰውዬ የት ደረሰ፣ እዩት» የሚል ድምፀት ነበረው።

ጸሐፊዎቹ ግን ያልጠበቁት ነገር መጣ። ተዋናዮች ተነሡ። በትወናው መሀል የሠሩትን የዕለት ሥራ እያነሱ መጻፍ ጀመሩ። አስተናጋጅ ነበርኩ የሚል፣ ልጅ ጠባቂ ነበርኩ የሚል፣ ዛሬም ነኝ የሚል። ቴሪ ክሩስ በአሜሪካ እግር ኳስ ሊግ ከተጫወተ በኋላ ወለል ይጠርግ እንደነበር፣ ካስፈለገም ነገ እንደሚጠርግ ጻፈ።

በሴፕቴምበር 4 ኦዌንስ ራሱ «ጉድ ሞርኒንግ አሜሪካ» የሚባል የቴሌቪዥን ፕሮግራም ላይ ቀረበ። የተማረበትን የዬል ዩኒቨርሲቲ ኮፍያ አድርጎ ነበር። ያኔ የተናገረውን ብዙዎች እስከ ዛሬ ይጠቅሱታል። «ከሌላው ሥራ የሚበልጥ ሥራ የለም። የተሻለ ይከፍል ይሆናል፣ የተሻለ ጥቅማ ጥቅም ይኖረው ይሆናል፤ በእውነቱ ግን አይበልጥም።» የኔ ታሪክ ያልፋል፣ ስለ ሥራ ክብር የተነሣው ሐሳብ ግን እንዳያልፍ እመኛለሁ አለ።

እኔ ይህን ሰው ከልቤ አከብረዋለሁ። በዚያ ስድብ መሀል ቆሞ እንዲህ መናገር ቀላል አይደለም። ሆኖም በዚያ ሰሞን የሥራ ክብር ነገር በጣም ስለተወራ ሌላው ጥያቄ ተዋጠ። ዬል የተማረ፣ አገሩን ሁሉ ቴሌቪዥን ፊት ያስቀመጠ ድራማ ላይ ለዓመታት የሠራ፣ ከ30 ዓመት በላይ ትወናን ያልተወ ሰው በ57 ዓመቱ ለምን ሁለተኛ ሥራ አስፈለገው? ወይ ገንዘቡን አጥፍቶ ነው፣ ወይ ሙያው አልቆበት ነው ብለን ካለፍነው ዋናውን ነገር ሳናይ እንቀራለን። ኦዌንስ የወደቀ ተዋናይ አልነበረም። የተለመደው የአሜሪካ ቴሌቪዥን ተዋናይ ኑሮ እንዲህ ነው። ፎቶው ያሳየን የተለየ ውድቀት ሳይሆን ማንም ፎቶ የማያነሳውን የሙያውን ተራ እውነት ነው።

ትንሽ ስለ ሰውየው። ኦዌንስ በ1961 ብሩክሊን ተወለደ። አባቱ ሜጀር ኦዌንስ ናቸው። በሙያቸው የቤተ መጻሕፍት ባለሙያ ነበሩ፤ ከ1983 እስከ 2007 ደግሞ ብሩክሊንን ወክለው በአሜሪካ ኮንግረስ ተቀምጠዋል። ልጁ ዬልን ጨርሶ ብዙም ሳይቆይ፣ በ24 ዓመቱ፣ ኮዝቢ ሾው ላይ ገባ። ከዚያ ወዲህ ሼክስፒር ሲጫወት፣ ቴአትር ሲያዘጋጅ፣ ትወና ሲያስተምር፣ በተለያዩ ተከታታይ ድራማዎችም በአንድና በሁለት ክፍል ብቅ ሲል ኖሯል። ሙያው አልተቋረጠም ማለት ነው። ገቢው ነው የሚቆራረጠው።

አንድ ነገር ሳላነሳ ባልፍ ይቆጨኛል። ድራማው ውስጥ ኤልቪን ለሕክምና ትምህርት ተዘጋጅቶ ነበር። ሶንድራ ደግሞ ለሕግ ትምህርት ተዘጋጅታ ነበር። ከዚያ አንድ ቀን መጥተው ሁለታችንም ትምህርቱን ትተን የካምፕ ዕቃ የሚሸጥ ሱቅ ልንከፍት ነው አሉ። ሐኪሙ አማት፣ የሶንድራ አባት፣ አበደ። ከሐኪምነት ወደ ባለሱቅነት እንዴት ይወረዳል ነው ነገሩ። ተመልካቹም አብሮ ሳቀ። ከ30 ዓመት በኋላ ያው ፊት እውነተኛ ሱቅ ውስጥ ሲታይ ጋዜጦቹ የያዙት ስሜት ያው የአማቱ ስሜት ነበር። በድራማው ግን ኤልቪን በኋላ ወደ ሕክምናው ይመለሳል፤ ሱቅ ውስጥ የቆመበት ጊዜም ማንነቱን አልቀነሰውም።

ወደ ገንዘቡ እንግባ። ነገሩ የሚገባን እዚያ ነው።

የአሜሪካ ቴሌቪዥን ተዋናይ በወር ደሞዝ አይኖርም። ለሠራበት ቀን ወይም ለሠራበት ክፍል ይከፈለዋል። ሥራው ሲያልቅ ክፍያውም ያልቃል። ቀጣዩ ሥራ መቼ እንደሚመጣ ማንም አያውቅም። ይህን ክፍተት እንዲሞላ የተፈጠረው ዘዴ ሬዚጁዋል ይባላል። አንድ ድራማ በድጋሚ በታየ ቁጥር ለተዋናዩ የሚደርሰው ክፍያ ነው። ቼኩ በፖስታ ይመጣል። ዛሬ ሥራ የሌለው ተዋናይ ከአሥር ዓመት በፊት በሠራው ሥራ የዚህን ወር ኪራይ ይከፍላል።

ይህ በችሮታ የተገኘ አይደለም። የፊልም ተዋናዮች ማኅበር በ1950ዎቹ ለቴሌቪዥን ድጋሚ ሥርጭት ክፍያ እንዲኖር ተደራድሮ አስፈቀደ። በ1960 ደግሞ ቴሌቪዥን ላይ ለሚታዩ ፊልሞች ጭምር እንዲከፈል ሥራ አቆመ። ያን አድማ የመራው የማኅበሩ ፕሬዚዳንት ሮናልድ ሬገን ነበር፤ በዚያን ጊዜ ራሱ የቴሌቪዥን ፕሮግራም አቅራቢ ነበር። በኋላ አገር ሲመራ የሠራተኛ ማኅበራትን ፊት የነሣው ሬገን፣ የዛሬ ተዋናዮች ጡረታና የጤና መድን የተጀመረበት ስምምነት ሲደረስ ማኅበሩን የመራውም እሱ ነው። የቀድሞዎቹ ውሎች ጣራ ነበራቸው። ድራማው በድጋሚ የታየበት ቁጥር ከተወሰነ መጠን ሲያልፍ ክፍያው ይቆም ነበር። በ1960ዎቹ የተሠራው «ጊሊጋንስ አይላንድ» በዓለም ዙሪያ ለአሥርተ ዓመታት ሲታይ ተዋናዮቹ እምብዛም ያላገኙት ለዚህ ነው። ድራማው በታየ ቁጥር ሁልጊዜ ይከፈል የተባለው በ1974ቱ ውል ነው።

አሠራሩን በቁጥር እንየው። ለአንድ ሥራ የተቀመጠው ዝቅተኛ ክፍያ 1,000 ዶላር ነው እንበል። ድራማው ለየከተማው ጣቢያዎች ሲሸጥ ሁለተኛው ሥርጭት 40 ከመቶ ያስገኛል፤ 400 ዶላር። ሦስተኛው 300። አራተኛውና አምስተኛው 250፣ 250። ከዚያ በኋላ እየወረደ ይሄዳል። ከአሥራ ሦስተኛው ጀምሮ 5 ከመቶ ላይ ይቆማል፤ በሺው ላይ 50 ዶላር። እሱ ግን አይቋረጥም። የሚሰላው ከዝቅተኛው ክፍያ እንጂ ድራማው ካስገባው ትርፍ አይደለም። ኮዝቢ ሾው ለድጋሚ ሥርጭት ሲሸጥ ባለቤቶቹ በመቶ ሚሊዮኖች ዶላር አፍሰዋል። ከዚያ ላይ ለኤልቪን የሚደርሰው በዚህ ሰንጠረዥ የተለካ ነው።

ቼኮቹ ዓመት በዓመት ይቀጥናሉ። ሎስ አንጀለስ ስቱዲዮ ሲቲ ሰፈር ውስጥ ሬዚጁዋልስ የሚባል መጠጥ ቤት ነበር። ከአንድ ዶላር በታች የሆነ ቼክ ይዞ ለመጣ ተዋናይ አንድ መጠጥ በነፃ ይቀዳለት ነበር። ግድግዳው በሳንቲም ቼኮች ተሞልቶ ነበር። ሆኖም አንድ ተዋናይ አሥር፣ ሃያ ድራማ ላይ ከሠራ እነዚያ ቀጫጭን ቼኮች ተደምረው ኑሮ ይደግፋሉ። መካከለኛ ኑሮ የሚኖር ተዋናይ የሚባል ነገር በአሜሪካ የኖረው በዚህ ነው። ሚሊየነር ያልሆነ፣ ግን ቤት ተከራይቶ ልጅ የሚያሳድግ ተዋናይ።

የኦዌንስን ገቢ የመታው ነገር ከሱ ጥፋት ጋር ጭራሽ አይገናኝም። በ2014 በድራማው ዋና ተዋናይ በቢል ኮዝቢ ላይ የጾታ ጥቃት ክሶች በብዛት ሲወጡ ቲቪ ላንድ ጣቢያ ድራማውን አነሳው። ሌሎችም ተከተሉ። ባውንስ ቲቪ አንዴ አንስቶ፣ መልሶ አሳይቶ፣ ኮዝቢ በኤፕሪል 2018 ጥፋተኛ ሲባል እንደገና አነሳው። (ፍርዱን የፔንሲልቬንያ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በ2021 ሽሮታል።) ድራማው ካልታየ ቼክ የለም። ኦዌንስ ይህ ገቢውን እንደጎዳው ተናግሯል። ሴቶቹ የተናገሩት ከባድ ነገር ነው፤ ጣቢያዎቹ ድራማውን ማንሳታቸውም ይገባኛል። ግን ዋጋውን አብረው የከፈሉት ከጉዳዩ ጋር ምንም ግንኙነት የሌላቸው ተዋናዮች ናቸው። ይህን የሚክስ አንድም አሠራር የለም።

ስለዚህ ትሬደር ጆስ ገባ። 15 ወር ሠራ። የመረጠበት ምክንያት ቀላል ነው። ሰዓቱ ይለዋወጣል፤ ኦዲሽን፣ ማለትም ለሚና የሚደረግ ፈተና፣ ሲመጣ መሄድ ይችላል። ፎቶው ከወጣ በኋላ ግን ያንንም ሥራ መተው ግድ ሆነበት። የሰው ዓይን በዛ።

ቀጥሎ የመጣውን እርዳታ እንዴት እንደተቀበለው ደግሞ ልብ በሉ። ፊልም ሠሪው ታይለር ፔሪ የራሱ ድራማ ላይ እንዲሠራ ጠራው፤ ሄዶ ሠራ። ራፐሯ ኒኪ ሚናዥ 25,000 ዶላር ሰጠችው። ገንዘቡን ለተቸገሩ አርቲስቶች ለሚረዳ ድርጅት ሰጠው። ሰዎች አዝነውልኝ የሚሰጡኝ ሥራ አይመቸኝም፣ ለቦታው የምመጥን ከሆንኩ ግን ፈትኑኝ የሚል ነበር አቋሙ። ምጽዋት አልጠየቀም። ኦዲሽን ጠየቀ።

ያ ሁሉ ዝና ኑሮውን ቀየረው? በ2025 መጀመሪያ በአንድ የአትላንታ ሬዲዮ ላይ ቀርቦ ስለዚሁ ተጠይቆ ነበር። በትወና መኖር አሁንም ትግል እንደሆነበት በግልጽ ተናገረ። ሰዎች ብዙ ገንዘብ ያለኝ ይመስላቸዋል፣ እውነተኛ ኑሮዬን ቢያውቁ ይደነግጣሉ አለ። ይህን የሚለው በየጊዜው ሥራ የሚያገኝ ሰው ነው።

ኦዌንስን የመታው የአንድ ሰው ቅሌት ነበር። ከሱ በኋላ የመጡትን የመታው ግን አሠራሩ ራሱ ነው። ስትሪሚንግ ማለቴ ነው፤ እንደ ኔትፍሊክስ ያሉ ኩባንያዎች ድራማን በኢንተርኔት የሚያሳዩበት መንገድ።

በድሮው ቴሌቪዥን አንድ ሲዝን 22 ወይም 24 ክፍል ነበረው። ተዋናዩ የዓመቱን ሁለት ሦስተኛ ይሠራል። በስትሪሚንግ 8 ወይም 10 ክፍል የተለመደ ሆነ። በአንድ ሲዝንና በሚቀጥለው መሀል አንዳንዴ ሁለት ዓመት ይቆያል። በዚያ መሀል ውሉ ተዋናዩን አስሮ ይይዘዋል፤ ሌላ ድራማ ላይ እንደልቡ መግባት አይችልም። ክፍያው በክፍል ስለሆነ የዓመት ገቢው ከግማሽ በታች ይወርዳል።

ከዚያ የባሰው ሬዚጁዋሉ ነው። ኔትፍሊክስ ላይ «ድጋሚ ሥርጭት» የሚባል ነገር የለም። ድራማው ሁልጊዜ እዚያው አለ። አንድ ሰው አየው፣ መቶ ሚሊዮን ሰው አየው፣ ክፍያው በተመልካች አይቆጠርም ነበር። በኩባንያው ደንበኞች ብዛትና በተወሰነ ቀመር የሚሰላ፣ ዓመት በዓመት የሚቀንስ ክፍያ ነው። ስንት ሰው እንዳየውም ለረጅም ጊዜ ኩባንያዎቹ አይናገሩም ነበር። ኔትፍሊክስ ሰፊ የተመልካች መረጃ በይፋ ማውጣት የጀመረው በዲሴምበር 2023 ነው። ሥራህ ምን ያህል እንደተወደደ ሳታውቅ ምን ብለህ ትደራደራለህ?

«ኦሬንጅ ኢዝ ዘ ኒው ብላክ» ኔትፍሊክስን ካስጠሩት የመጀመሪያ ድራማዎች አንዱ ነው። እዚያ ላይ የተወነችው ኪሚኮ ግሌን ከውጭ አገር ሥርጭት የደረሳትን የክፍያ ወረቀት በቪዲዮ አሳይታለች። መስመር በመስመር ብዙ ክፍሎች ተዘርዝረዋል፤ አጠገባቸው ሳንቲሞች። ድምሩ 27 ዶላር ከ30 ሳንቲም። «ሱትስ» ደግሞ አለ። ድራማው በ2019 ያለቀ ነው። በ2023 ኔትፍሊክስ ላይ ሲገባ ግን አሜሪካ ውስጥ በአንድ ዓመት በስትሪሚንግ 57.7 ቢሊዮን ደቂቃ ታየ፤ ተመልካች የሚቆጥረው ኩባንያ ኒልሰን እስከዚያ ድረስ ከመዘገበው ሁሉ የበለጠ ነበር። በድሮው ሥርዓት እንዲህ ያለ መወደድ ለተዋናዮቹ ሁሉ ጠቀም ያለ ቼክ ነበር። በአዲሱ ግን ክፍያው ከደቂቃዎቹ ቁጥር ጋር አልተያያዘም።

አንዳንድ ሰው እዚህ ላይ «ፍሬንድስ»ን ያነሳል። እውነት ነው፣ ስድስቱ ተዋናዮች በመጨረሻዎቹ ሁለት ሲዝኖች ለአንድ ክፍል አንድ አንድ ሚሊዮን ዶላር ይከፈላቸው ነበር። ያንንም ያገኙት ተባብረው እንደ አንድ ሰው ስለተደራደሩ ነው። ግን እነሱን አይቶ ስለ ተዋናይ ኑሮ ማውራት ሎተሪ የደረሰውን አይቶ ስለ ሎተሪ ቆራጭ እንደማውራት ነው።

ብዙኃኑን ለማየት የጤና መድንን ማየት ይሻላል። አሜሪካ ውስጥ የጤና መድን በአብዛኛው ከሥራ ጋር የተሳሰረ ነው። የተዋናዮቹ ማኅበር ሳግ-አፍትራ ወደ 160,000 አባላት አሉት። በ2023 ከማኅበሩ የጤና መድን ለማግኘት አንድ አባል በዓመት 26,470 ዶላር ከትወና ማግኘት ነበረበት። ማኅበሩ ራሱ በወቅቱ እንዳለው ከአባላቱ 86 ከመቶ ያህሉ እዚያ አይደርሱም።

26,470 ዶላር ለአሜሪካ ትልቅ ገንዘብ አይደለም። የዚያን ጊዜ ዝቅተኛው የቀን ክፍያ 1,082 ዶላር ነበር። ሲሰላ 25 የሥራ ቀን ነው። በዓመት 25 ቀን! ቀላል ይመስላል። ግን አንድ ቀን የሚሠራበትን ሚና ለማግኘት ተዋናዩ ምን እንደሚያደርግ ተመልከቱ። ከኮቪድ ወዲህ ኦዲሽን በአብዛኛው ቤት ውስጥ ይቀረጻል። ስክሪፕቱ ማታ በኢሜይል ይመጣል፣ ለነገ ጠዋት ይላካል። ተዋናዩ ነጭ ግድግዳ ይፈልጋል፣ መብራት ያስተካክላል፣ ስልኩን ማቆሚያ ላይ ያደርጋል። የሌላኛውን ገጸ ባሕርይ ንግግር የሚያነብለት ሰው ይለምናል። አሥር ጊዜ ቀርጾ አንዱን ይልካል። ከዚያ ዝምታ ነው። አልመረጥንህም የሚል መልስ እንኳ አይመጣም። ለዚህ ሁሉ ሥራ አምስት ሳንቲም አይከፈልም። ሥራውን ካገኘ ደግሞ ከክፍያው ላይ 10 ከመቶ ሥራ ለሚያፈላልግለት ኤጀንት፣ ማናጀር ካለው 10 ወይም 15 ከመቶ ለሱ፣ ከዚያ ግብር። የቀረውን ይዞ ሌላ ኦዲሽን ይጠብቃል። እየጠበቀ ኪራይ ይከፍላል። የሱፐርማርኬት ሥራ የሚመጣው እዚህ ጋ ነው። እንዲያውም አንዳንዱ የሚገባበት ዋና ምክንያት መድኑ ነው።

በ2023 ይህ ሁሉ ፈነዳ። ደራሲዎቹ በሜይ ሥራ አቆሙ። ተዋናዮቹ በጁላይ 14 ተቀላቀሉ። ሁለቱ አንድ ላይ ሥራ ሲያቆሙ ከ1960 ወዲህ የመጀመሪያው ነበር። የተዋናዮቹ ፕሬዚዳንት ፍራን ድሬሸር ነበረች፤ በ1990ዎቹ «ዘ ናኒ» ላይ እናውቃታለን። የቴሌቪዥን ሞግዚቷ የሠራተኛ መሪ ሆና ስቱዲዮዎቹን ስትወርፍ የሰማ ሁሉ ገርሞታል። አድማው 118 ቀን ቆየ። ኖቬምበር 9 ላይ አበቃ።

ምን ተገኘ? ዝቅተኛው ክፍያ ወዲያው 7 ከመቶ ጨመረ፤ ያ 1,082 ዶላር 1,158 ሆነ። ሰው ሠራሽ አስተውሎትን በሚመለከት የተዋናይን ገጽታ ወይም ድምፅ ገልብጦ ለመጠቀም ፈቃዱን መጠየቅና መክፈል ግዴታ ሆነ። ይህ አንቀጽ ከየት እንደመጣ ማወቅ ይጠቅማል። የማኅበሩ ዋና ተደራዳሪ ስቱዲዮዎቹ አጃቢ ተዋናዮችን በአንድ ቀን ክፍያ በስካነር አንስተው ምስላቸውን ለዘለዓለም ሊጠቀሙበት ጠይቀዋል ብሎ ነበር። ስቱዲዮዎቹ እንዲህ አላልንም ብለው አስተባብለዋል። እውነቱ የትም ይሁን፣ ሥጋቱ ከሰማይ የወረደ አልነበረም። በሴፕቴምበር 2025 ቲሊ ኖርዉድ የምትባል፣ በኮምፒውተር የተፈጠረች «ተዋናይት» ለኤጀንቶች ቀረበች መባሉ ትልቅ ቁጣ ቀስቅሷል። ማኅበሩም ይቺ ተዋናይ አይደለችም ብሎ መግለጫ አወጣ።

ትልቁ አዲስ ነገር የስትሪሚንግ ጉርሻው ነው። አንድ ድራማ በወጣ በ90 ቀን ውስጥ ከኩባንያው የአገር ውስጥ ደንበኞች 20 ከመቶ በሚያህል ቁጥር ከታየ ተዋናዮቹ ተጨማሪ ይከፈላቸዋል። ከዚህ ገንዘብ 75 ከመቶው ለዚያ ድራማ ተዋናዮች፣ 25 ከመቶው በፈንድ በኩል ለሌሎች ይሄዳል። በዓመት 40 ሚሊዮን ዶላር ገደማ ይሆናል ተብሎ ተገምቷል። በስትሪሚንግ የተዋናዮች ክፍያ ለመጀመሪያ ጊዜ ከተመልካች ጋር ተያያዘ። ይህ ቀላል ድል አይደለም። 20 ከመቶ ግን በጣም ከፍ ያለ አጥር ነው። የሚዘሉት ሁሉም የሚያወራላቸው ጥቂት ድራማዎች ናቸው። ቀስ እያለ፣ በአፍ በአፍ የሚወደድ ድራማ በ90 ቀን እዚያ አይደርስም። «ሱትስ» ራሱ የተወደደው ካለቀ ከአራት ዓመት በኋላ ነው። ድጋፉ በብዛት የሚሄደው ቀድሞም ለቀናቸው ነው ማለት ነው።

ከአድማው ወዲህ ሥራውም አነሰ። በ2022 አሜሪካ ውስጥ 599 ተከታታይ ድራማዎች ተሠርተው ነበር፤ ኤፍኤክስ የሚባለው ጣቢያ በየዓመቱ ይቆጥር በነበረው መሠረት። ኩባንያዎቹ ያን ያህል ገንዘብ ማውጣት አቁመዋል። ብዙ ቀረጻም ከሎስ አንጀለስ ወጥቶ ወደ ካናዳ፣ ወደ እንግሊዝ፣ ወደ ጆርጂያ ክፍለ ሀገር ሄዷል። የድራማው ቁጥር ሲቀንስ መጀመሪያ የሚጠፉት አንድና ሁለት ቀን የሚሠራባቸው ትንንሽ ሚናዎች ናቸው። ያን 25 ቀን የሚሞሉት ደግሞ እነሱ ነበሩ።

የ2023ቱ ውል የተፈረመው እስከ ጁን 30፣ 2026 ድረስ ነው። በሴፕቴምበር 2025 የማኅበሩ ፕሬዚዳንትነት ከድሬሸር ወደ ሾን አስቲን ተላልፏል። ሁሉም ሰው ዓይኑን ሰው ሠራሽ አስተውሎት ላይ ጥሏል፤ ልክም ናቸው። እኔ ግን በአዲስ ውል ውስጥ መጀመሪያ የምፈልገው ሁለት ቁጥር ነው። አንደኛው ያ 20 ከመቶ ይወርዳል ወይ የሚለው። ሁለተኛው የጤና መድኑ መግቢያ በሥራ ቀን ሲመነዘር ስንት ይሆናል የሚለው። በዓመት አራት አምስት ትንንሽ ሚና የሚያገኘው ተዋናይ በሙያው ይቆይ አይቆይ የሚወሰነው በነዚህ ሁለቱ ነው።